ዕለቱ፣ ቦታውና ስሙ፤ የልደታ የጉዞ ማስታወሻ

ጉዞ ሲባል ባሕር መሻገርንና በረሃ ማቋረጥን ብቻ የሚያስብ ሰው ብዙ ነው፤ ነገር ግን የሚኖርበትን ከተማ አንዱን ሰፈር፣ ምንም ጉዳይ ሳይኖረው በእግሩ እየረገጠ፣ ቆም እያለና እየጠየቀ ያየ ሰው፣ ከሩቅ አገር ከተመለሰ መንገደኛ ያላነሰ የሚናገረው ነገር ያገኛል። እኔም አስቀድሞ በዜና ዝግጅት ክፍል፣ ኋላም በፊልምና በካሴት ላይብረሪ የኖርሁ ሰው ነኝና፣ አዲስ አበባን የማውቃት በአብዛኛው ሌላ ሰው ቀርጾ ባመጣልኝ ምስል ነው፤ በምስል የሚያውቋትን ከተማ በአካል ማየት ደግሞ የተለየ ምርመራ ነውና፣ ዘንድሮ በግንቦት ልደታ ዕለት ወደ ልደታ ተጓዝሁ።

ከስታዲየም የተሳፈርሁበት ቀላል ባቡር፣ ምሥራቅ ምዕራብና ሰሜን ደቡብ የሚመላለሱት ሁለቱ መስመሮች በሚጋሩት ሐዲድ ላይ ለገሃርን፣ ሜክሲኮንና ተግባረ እድን አልፎ ልደታ ሲደርስ፣ ተሳፋሪው ከድልድዩ ከፍታ ሰፈሩን ዘርግቶ ለማየት ይታደላል። ባቡሩ ሥራ የጀመረው በ2008 ዓ.ም. ነው፤ ስለዚህ ከዚያ ከፍታ ላይ ሆኖ በ2000ዎቹ መጀመሪያ የፈረሱትን ጥቅጥቅ ያሉ የጭቃ ቤቶች ያየ ተሳፋሪ የለም፤ የሚታየው መልካቸው አንድ ዓይነት የሆነው የጋራ መኖሪያ ቤቶችና መስተዋት የለበሱት ፎቆች ናቸው። ወደ ደቡብ ምዕራብ ዓይኑን የወረወረ ሰው ደግሞ የአሮጌውን አውሮፕላን ማረፊያ አቅጣጫ ያገኛል። የቦሌ ማረፊያ ለጄት አውሮፕላን ተብሎ እስኪሠራ ድረስ የከተማው የሰማይ በር ያ ነበር፤ መጋቢት 30 ቀን 1938 ዓ.ም. የኢትዮጵያ አየር መንገድ የመጀመሪያውን በረራ በአሥመራ በኩል ወደ ካይሮ ያደረገው በዚያ ዘመን ነው። ለእኔ ሙያ ይህ ነገር ቀላል አይደለም፤ ሳተላይት ከመምጣቱ በፊት የአንድ አገር ዜና በሌላው አገር የሚታየው፣ ፊልሙ በቆርቆሮ ሣጥን ታሽጎ፣ በመንገደኛ እጅ ወይም በዕቃ ክፍል ተጭኖ፣ አብዛኛውን ጊዜ በአውሮፕላን ሲሄድ ነበርና።

ሰፈሩ ስሙን የያዘው ከልደታ ለማርያም ቤተ ክርስቲያን ነው። ግንቦት 1 ቀን የእመቤታችን ልደት ሲከበር፣ ኢያቄምና ሐና ልጃቸውን ያገኙት ከቤታቸው ወጥተው በሊባኖስ ተራራ ነው ስለሚባል፣ ሕዝቡም እንደዚያው ከቤቱ ወጥቶ፣ በደጅና በዛፍ ሥር ተሰብስቦ፣ ስንዴውን፣ ባቄላውንና ሽንብራውን ቀቅሎ ንፍሮ ይቃመሳል፤ ቡናው ይፈላል፤ ያለፈ ያገደመ ሁሉ «እንኳን አደረሰህ» እየተባለ እፍኝ ይሰጠዋል። በቤተ መቅደሱ ደግሞ የዕለቱ ስንክሳር ይነበባል። ስንክሳር ዘመንን በዕለት የሚደረድር መጽሐፍ ነው፤ የመቶ ዓመት ልዩነት ያላቸው ሁለት ሰዎች የሚያርፉበት ቀን አንድ ከሆነ፣ በአንድ ገጽ ላይ ጎን ለጎን ይቀመጣሉ፤ ስማቸው፣ አገራቸውና የሠሩት ሥራ ተለይቶ ሳይነገር ግን አንዳቸውም አይታለፉም።

እንዲህ ያለው ሥርዓት ለአባቶቻችን በጸሎት ብቻ የተወሰነ አልነበረም። የርስትና የጉልት ነገር ሲጻፍ፣ በገዳሙ ወይም በደብሩ ባለው ወንጌል ባዶ ቅጠል ላይ፣ የሰጪው ስም፣ የተቀባዩ ስም፣ የቦታው ወሰንና የምስክሮቹ ዝርዝር ተጽፎ፣ የሚያፈርሰው ሰው እንዲወገዝ በግዝት ይታሰር ነበር፤ እንዲህ ያለውን መጽሐፍ ወንጌለ ወርቅ ይሉታል። የኢትዮጵያ ቤተ መዛግብት መጀመሪያው ይህ ነው ብንል ከእውነት አንርቅም። ምስክር ያልተጻፈበት ርስት እንደማይጸና ሁሉ፣ ዕለቱ፣ ቦታውና ስሙ ያልተጻፈበት ተንቀሳቃሽ ምስልም አይጸናም፤ በዚህ ጉዞ ከቦታ ወደ ቦታ ስሄድ ያሰላሰልሁት ነገር ሁሉ የተመላለሰው በዚህ ዙሪያ ነው።

ነገሩ ለማያውቀው ይገባ ዘንድ የሙያውን ሥራ ጥቂት ማስረዳት ያስፈልጋል። የዜና አዘጋጅ ማለት ጧት በስብሰባ የዕለቱን ጉዳይ መርጦ፣ ሪፖርተሩን ከካሜራ ባለሙያው አጣምሮ፣ መኪናና ፈቃድ ለምኖ፣ ማታ ደግሞ ከኤዲተሩ ጎን ተቀምጦ፣ ከተቀረጸው ብዙ ደቂቃ ውስጥ ለዜናው የሚሆነውን ጥቂት ሰኮንድ የሚለይ ሰው ነው። ዜናው ተነቦ ሲያበቃ የአዘጋጁ ሥራ ያልቃል፤ የላይብረሪው ሠራተኛ ሥራ ግን ያን ጊዜ ይጀምራል። እርሱ የተላለፈውንም ያልተላለፈውንም ተቀብሎ፣ ማን ቀረጸው፣ በየትኛው ቀን፣ በየትኛው ቀበሌ፣ በምስሉ ላይ የሚታየው ማን ነው፣ ሩቁ ምስል በየትኛው ደቂቃ ነው፣ የፊት ምስሉስ፣ ድምፅ አለው ወይስ ዝም ነው የሚለውን በካርድ ላይ ጽፎ፣ ቁጥር ሰጥቶ በመደርደሪያ ያኖራል። ካርዱ የጎደለበት ፊልም በወፍጮ ቤት የባለቤቱ ስም ሳይጻፍበት እንደተተወ ጆንያ ነው፤ ቀድሞ ያነሣው ይወስደዋል፤ ወስዶም የፈለገውን እንጀራ ይጋግርበታል።

በፊልሙ ዘመን የዜና ካሜራ ባለሙያ ስስታም እንዲሆን የሚያስገድደው ነገር ነበር። አራት መቶ ጫማ የሚረዝመው ባለ 16 ሚሊሜትር ጥቅል የሚይዘው አሥራ አንድ ደቂቃ ያህል ብቻ ነውና፣ ባለሙያው ጣቱን ከመጫኑ በፊት ያስብ ነበር፤ ከቀረጸ በኋላም ጥቅሉ ሳይምታታበት የተቀረጸውን ዝርዝር በወረቀት ጽፎ ከቆርቆሮው ጋር ያያይዝ ነበር። ዛሬ በኪስ በሚያዝ ካርድ ላይ ለሰዓታት የሚቀርጸው ወጣት ግን፣ ቦታው ስለማያልቅበት የሚጽፈው ነገር የለም፤ ስለዚህ ምስሉ በዝቶ ሳለ ዕውቀቱ አንሷል። የአሮጌው ፊልም ፀር ደግሞ ሌላ ነው። ከአሴቴት የተሠራው ፊልም ሲያረጅ ከውስጡ አሲድ ይለቅቃል፤ ቆርቆሮው ሲከፈት የኮምጣጤ ሽታ አፍንጫን ይመታል፤ ፊልሙ ይጨማደዳል፣ ይሸበሸባል፣ ከዚያ በኋላ በማሽን ጥርስ ላይ አይያዝም። ዩማቲክና ቤታካም የሚባሉት የማግኔት ካሴቶችም የብረት ብናኙን ከፕላስቲኩ ጋር ያጣበቀው ሙጫ በእርጥበት ስለሚለቅ ዕድሜያቸው አጭር ነው፤ ካሴቱ ደኅና ሆኖ ቢገኝ እንኳ የሚያጫውተው ማሽን፣ ማሽኑ ቢገኝ የሚጠግነው ባለሙያ ይታጣል። ዩኔስኮ ከድምፅና ምስል መዛግብት ማኅበር ጋር ሆኖ በ2019 እ.ኤ.አ. ባወጣው ማስጠንቀቂያ፣ እስከ 2025 እ.ኤ.አ. ወደ ዲጂታል ያልተዛወረ ካሴት ሊጠፋ እንደሚችል ለዓለም ሁሉ ተናግሮ ነበር፤ ያ ዘመን ደረሰ። በሰው እጅ የጠፋውም ከዚህ አያንስም፤ ካሴት ውድ በነበረበት ጊዜ በአሮጌው ላይ አዲስ መቅረጽ የየአገሩ ልማድ ነበርና፣ በ1969 እ.ኤ.አ. ሰው ጨረቃን በረገጠ ጊዜ ቢቢሲ ከስቱዲዮው ያስተላለፈው ዝግጅት እንኳ ዛሬ የለም።

ከቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ውጭ በአንድ ዛፍ ጥላ ሥር ንፍሮ ከሚቃመሱት መካከል አንዲት በዕድሜ የገፉ እናት ነበሩ፤ ቤታቸው ፈርሶ ወደ ጀሞ ከሄዱ ብዙ ዘመን ቢሆንም፣ ለግንቦት ልደታ ወደ ቀድሞው ደብራቸው መምጣትን እንደ ስለት ይዘውታል። እኔም ከሠራሁበት ቤት የተገለበጠና ካርዱ «አዲስ አበባ፤ የድሆች መንደር» ከማለት በቀር ሌላ ነገር የማይናገር አጭር ቀረጻ በስልኬ ይዤ ነበርና፣ ሰፈሩ ልደታ ይመስለኝ ስለነበረ፣ ከጎናቸው ተቀምጬ፣ «እማማ፣ ይህን ቦታ ያውቁታል?» ብዬ አሳየኋቸው።

መነጽራቸውን ከነጠላቸው ጫፍ ፈትተው አደረጉና ጥቂት ዝም ብለው ተመለከቱ። «ወይ ልጄ! እንዴት አላውቀውም? ይቺ እኮ የእኛ ቦኖ ናት» አሉ፤ ቀጥለውም ጣታቸውን በመስተዋቱ ላይ እያሳረፉ፣ «ይሄ ጄሪካን ይዞ ተራ የሚጠብቀው የጎረቤቴ ልጅ ነው፤ ዛሬ የልጆች አባት ሆኗል። ያቺ ሰማያዊ በር ያላት ደግሞ ጠላ ቤት ነበረች» አሉኝ። ካርዱ ላይ የተጻፈውን ባነብላቸው ግን ፊታቸው ተለወጠ። «የድሆች መንደር? ከበስተኋላ ያለውን ቤት አላየህም? የዕድራችን ቤት እኮ ነው! ድንኳኑም፣ ወንበሩም፣ ሳሕኑም እዚያ ነበር የሚቀመጠው። የስንቱን ሬሳ በክብር የሸኘን ሰዎች ነን እኛ» አሉ፤ ከዚያ በኋላ የዕድሩን ዳኛ፣ የጸሐፊውን፣ የቦኖ ሻጩንም ስም እየጠሩ አስጻፉኝ።

ምስሉ አልተለወጠም፤ ያው ጭቃ፣ ያው ቦኖ፣ ያው ሰልፍ ነው። የተለወጠው የሚመሰክረው ነገር ነው። ቀድሞ ስለ ድህነት በሚነገር በማንኛውም ዜና ውስጥ ሊገባ የሚችል፣ ባለቤት የሌለው ሥዕል ነበር፤ አሁን ግን በገዛ መዋጮው ሙታኑን የሚቀብር፣ ዳኛና ጸሐፊ ያለው፣ የተደራጀ ማኅበር መታሰቢያ ሆነ። ይህን ለማወቅ ያስፈለገው ከባሕር ማዶ የሚመጣ መሣሪያ አልነበረም፤ አንዲት እናት፣ አንድ እርሳስና አንድ የግንቦት ቀን ብቻ ነበር።

ከዚያ ተነሥቼ በልደታ በሚገኘው የፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት በኩል አለፍሁ። በደጃፉ ፋይል በብብታቸው የያዙ ጠበቆች፣ በጥላ ሥር የተቀመጡ ባለ ጉዳዮች፣ ከአጥሩ ማዶ የማመልከቻ ጸሐፊዎች አይታጡም። ፍርድ ቤት ምስልን እንደ ሌላው ማስረጃ ሁሉ በጥርጣሬ ይቀበለዋል፤ ማን ቀረጸው፣ ከማን እጅ ወደ ማን እጅ ተላለፈ፣ ተቆርጦ ነው ወይስ ሙሉ ነው ብሎ ይጠይቃል፤ ዜና ተመልካች ግን ይህን አይጠይቅም። አገራችን ይህንን ጉዳይ በትልቁ ያየችው የደርግ ባለሥልጣናት ክስ ታኅሣሥ 4 ቀን 1987 ዓ.ም. ተከፍቶ ታኅሣሥ 3 ቀን 1999 ዓ.ም. የጥፋተኛነት ፍርድ እስኪሰጥ ድረስ በቆየበት ዘመን ነው። ልዩ ዐቃቤ ሕጉን ያቋቋመው አዋጅ ቁጥር 22/1984፣ ጥፋተኞቹን ከመክሰስ ጋር አብሮ የተፈጸመው በደል ለመጪው ትውልድ እንዲመዘገብ ማድረግን የታሪክ ግዴታ አድርጎ ጠቅሶታል፤ ፍርድና መዝገብ የአንድ እናት ልጆች መሆናቸውን ከዚህ የበለጠ የሚያስረዳ ሕግ አላውቅም።

ነገር ግን በኢትዮጵያ አንድ ምስል እንደ ከሳሽም፣ እንደ ምስክርም፣ እንደ ፍርድም ሆኖ የሠራበት ጊዜ አለ። የእንግሊዙ ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ በወሎ የነበረውን እልቂት ቀርጾ፣ «ያልታወቀው ረኃብ» በሚል ርእስ በጥቅምት 1966 ዓ.ም. በአገሩ ቴሌቪዥን አሳየ። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ጥቅምት 23 ቀን 1957 ዓ.ም.፣ በዘውድ በዓል ዕለት፣ በማዘጋጃ ቤቱ ሕንፃ ሥራ የጀመረ ገና ወጣት ጣቢያ ነበር፤ ይህ የዘውድ በዓል ስጦታ የነበረው ጣቢያ መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ ያን ፊልም ለሕዝብ አቀረበ። የቀረበው ግን እንደ መጣ አልነበረም። በወሎው ረኃብተኛ መካከል የቤተ መንግሥቱ ግብዣ፣ የሚቀዳው ሻምፓኝ፣ ንጉሠ ነገሥቱም ውሾቻቸውን ሥጋ ሲያበሉ የሚያሳዩ ምስሎች እየተሰኩ ነበር የቀረበው። በማግስቱ መስከረም 2 ቀን ዐፄ ኃይለ ሥላሴ ከዙፋን ወርደው በቮልስዋገን ተወሰዱ።

እነዚያ የግብዣ ምስሎች ሐሰት አልነበሩም፤ የወሎው ረኃብም ሐሰት አልነበረም። ሁለቱ እውነቶች ግን በተለያየ ቀን፣ በተለያየ ሰው፣ ለተለያየ ዓላማ የተቀረጹ ሲሆኑ፣ በኤዲተር መቀስ ጎን ለጎን በተቀመጡ ጊዜ፣ ከሁለቱም ለብቻው ያልነበረ ሦስተኛ ነገር ወለዱ። ያ ሦስተኛው ነገር ፍትሕ ነበር የሚል አለ፤ ተንኮል ነበር የሚልም አለ፤ እኔ ግን የላይብረሪ ሰው በመሆኔ የምለው፣ እያንዳንዱ ቁራጭ ቀኑና ቦታው በግርጌው ተጽፎ ቢታይ ኖሮ ተመልካቹ የሚቈጣውን ቁጣ ራሱ መዝኖ ይቈጣ ነበር። ማኅደር ገለልተኛ ጓዳ አይደለም፤ የመንግሥት ግልበጣ መሣሪያ ሊወጣበት የሚችል ግምጃ ቤት ነው፤ ቁልፉን የያዘው ሰው ኅሊና ደግሞ ከቁልፉ ይበልጣል።

ታሪክም ነገሩን በዓሥር ዓመት ደገመችው። በመስከረም 1977 ዓ.ም. የአብዮቱ ዓሥረኛ ዓመት በታላቅ ሰልፍ ሲከበር፣ ቴሌቪዥናችን ለዚያው በዓል በቀለም ማሰራጨት ጀመረ፤ በዚያው ሰሞን በወሎና በትግራይ ሕዝብ እየረገፈ ሳለ፣ የውጭ ጋዜጠኞች ወደ ሰሜን እንዳይሄዱ መንገዱ ተዘግቶባቸው ነበር። በረኃብ ፊልም ወደ ሥልጣን የወጣ መንግሥት የራሱን ረኃብ ከፊልም ሸሸገ። በመጨረሻ ፈቃድ ተገኝቶ የኬንያው ተወላጅ መሐመድ አሚን፣ ቪዝኒውስ የተባለው የዜና ፊልም ድርጅት ካሜራ ባለሙያ፣ ከቢቢሲው ማይክል በርክ ጋር ቆረም ደረሰ፤ በንጋት ጭጋግ ውስጥ የቀረጸው ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. በለንደን በታየ ጊዜ፣ በየአገሩ ያሉ ጣቢያዎች ተቀባበሉት፤ ከእርሱም የተነሣ በሐምሌ 1977 ዓ.ም. ላይቭ ኤይድ የተባለው የዕርዳታ ኮንሰርት ተደረገ። የአሚን ካሜራ ነፍስ አድኗል፤ ይህን መካድ ኃጢአት ነው።

ሆኖም የቆረሙን ምስል ስንት ጊዜ አየነው፤ በውስጡ ካሉት ስንቱን በስሙ እናውቃለን? በዚያው ዘመን የካናዳ ቴሌቪዥን ጋዜጠኛ በመቀሌ ልትሞት የተቃረበች አንዲት ሕፃን ቀርጾ ነበር፤ ምስሏ በላይቭ ኤይድ በሙዚቃ ታጅቦ ለዓለም ታየ። እርስዋ ግን አልሞተችም፤ ጋዜጠኛው ተመልሶ ስለፈለጋትና ስላገኛት፣ ከሃያ ዓመት በኋላ በ1997 ዓ.ም. በለንደን ሃይድ ፓርክ በተደረገው ሁለተኛው ኮንሰርት መድረክ ላይ ስሟ ተጠርቶ ቆመች። ከእርስዋ ጋር በዚያ የተቀረጹት እልፍ አእላፋት ግን እስከ ዛሬ በየማኅደሩ «የተራበ ሕፃን፤ ኢትዮጵያ» እየተባሉ ይቸበቸባሉ። ዝክር የሚያደርግላቸው ዘመድ ቢፈልጋቸው በምን ስም ይፈልጋቸዋል?

ልደታ ክፍለ ከተማ እስከ ጥቁር አንበሳ ሆስፒታል ይዘልቃልና፣ ወደዚያ አቅጣጫ ስመለከት ሌላ ዓይነት ጉድለት ታሰበኝ። ሆስፒታሉ ስሙን የያዘው በ1928 ዓ.ም. የሆለታ ገነት ጦር ትምህርት ቤት መኮንኖችና ከውጭ ተምረው የተመለሱ ወጣቶች፣ በዶክተር ዓለመወርቅ በየነ ሰብሳቢነት፣ በወለጋ ካቋቋሙት የጥቁር አንበሳ አርበኞች ማኅበር ነው። እነዚያ ጐበዞች ጠመንጃ እንጂ ካሜራ አልነበራቸውም። ካሜራው በወራሪው በኢጣልያ እጅ ነበር፤ ሉቼ የተባለው የፋሽስቱ መንግሥት የፊልም ተቋም ለምሥራቅ አፍሪካ ዘመቻ ለብቻው ክፍል አቋቁሞ መንገድ ሲቀየስ፣ ባንዲራ ሲሰቀል፣ ባላባት እጅ ሲነሣ ይቀርጽ ነበር። የዚያን ጦርነት ተንቀሳቃሽ ምስል ዛሬ የሚፈልግ ኢትዮጵያዊ ደጁን የሚጠናው የሮማን ማኅደር ነው፤ በዚያም የሚያገኘው አባቶቹን ጠላታቸው ባያቸው ዓይን ነው። ዐፄ ኃይለ ሥላሴ ሰኔ 23 ቀን 1928 ዓ.ም. በጄኔቭ፣ የኢጣልያ ጋዜጠኞች እያፏጩባቸው፣ በአማርኛ ያደረጉትን ንግግር የቀረጹትም የውጭ አገር የዜና ፊልም ሰዎች ናቸው። የራሱን ምስል ራሱ ያላኖረ ሕዝብ፣ የሌላውን ካርድ መልሶ መጻፍ ግዴታው ይሆናል፤ «አመፀኛ» ተብሎ የተመዘገበውን «አርበኛ፤ ስሙም እገሌ» ብሎ ማረም።

ከሜክሲኮ አደባባይ ወደ ደቡብ ወርጄ የጉዞዬን መጨረሻ በአፍሪካ ኅብረት ደጅ አደረግሁ። ቁመቱ 99.9 ሜትር የሆነው ይህ ሕንፃ ጥር 19 ቀን 2004 ዓ.ም. የተመረቀ ሲሆን የቆመው ዓለም በቃኝ በተባለው እስር ቤት ቦታ ላይ ነው። በየካቲት 1929 ዓ.ም. በግራዚያኒ ጭፍጨፋ ጊዜ በዚህ ብዙ ሰው ተሰቃይቷል፤ ኅዳር 14 ቀን 1967 ዓ.ም. ስልሳው ባለሥልጣናትና መኮንኖች የተረሸኑትም በዚሁ ነው። የእነዚያ የስልሳው አሟሟት ሥዕሉ ለሕዝብ ሳይታይ ስማቸው በሬዲዮ ተነበበ፤ የቆረሞቹ ግን ሥዕላቸው ለዓለም ታይቶ ስማቸው አልተነበበም። ዘመናችን እንዲህ አድርጎ ስምንና ሥዕልን ያለያያል።

የዕለቱ ስንክሳር በጆሮዬ ነበርና፣ የእኛም ማኅደር በዕለት ቢደረደር ምን ጎን ለጎን ይመጣ እንደነበረ አሰብሁ። መሐመድ አሚን ግንቦት 27 ቀን 1983 ዓ.ም. በአዲስ አበባ የጥይት መጋዘን ሲፈነዳ ግራ እጁን አጥቶ፣ የድምፅ ባለሙያው ጆን ማታይም በዚያው ሞቶ ሳለ፣ በሰው ሠራሽ እጅ ካሜራውን መያዙን አልተወም ነበር። ሞቱ የመጣው ከአዲስ አበባ ወደ ናይሮቢ ሲበር ተጠልፎ በኮሞሮስ ባሕር ላይ በወደቀው የኢትዮጵያ አየር መንገድ አውሮፕላን ነው፤ ከ175 ሰዎች 125ቱ አለቁ። ዕለቱ ኅዳር 14 ቀን 1989 ዓ.ም. ነበር። ዕድሜውን ሙሉ የሌላውን ሞት ሲቀርጽ የኖረውን ሰው የመጨረሻ ሰዓት፣ አውሮፕላኑ ክንፉ ውኃውን ነክቶ ሲሰባበር፣ በባሕሩ ዳር ለሽርሽር የነበረ ሰው ቀረጸው። በስንክሳር ሥርዓት ቢሆን ኅዳር 14 ሲገለጥ፣ በዓለም በቃኝ የተረሸኑትና በባሕር የወደቀው ካሜራ ባለሙያ በአንድ ገጽ ላይ ይነበቡ ነበር፤ ሊቃውንቱ እንዳደረጉትም የየአንዳንዳቸው ታሪክ ሳይቀላቀል፣ የየአንዳንዳቸው ስም ሳይጠፋ ይነበብ ነበር። ጎን ለጎን ማስቀመጥ እንግዲህ በራሱ ጥፋት አይደለም፤ ጥፋቱ ስምና ዕለትን አጥፍቶ ማስቀመጥ ነው።

ይህ ሥራ ከዐቅማችን በላይ ነው የሚል ካለ፣ በገዛ አገሩ የተሠራውን ያስታውስ። ወሎ በተራበችበት በ1966 ዓ.ም. በየገዳማቱና በየአድባራቱ ያሉትን የብራና መጻሕፍት በማይክሮፊልም የማንሣት ሥራ ተጀምሮ፣ ወደ 9,000 የሚጠጉ መጻሕፍት ተነሥተው፣ አንዱ ቅጂ እዚሁ፣ ሌላው በአሜሪካ በኮሌጅቪል ገዳም ተቀመጠ። ፊልም ብቻ ሆኖ ቢቀር ኖሮ ከሣጥን ወደ ሣጥን የተዛወረ ዝምታ በሆነ ነበር። ሥራውን ለፍሬ ያበቁት እንደ ፕሮፌሰር ጌታቸው ኃይሌ ያሉ ሊቃውንት ናቸው፤ እርሳቸው በ1968 ዓ.ም. በጥይት ተመትተው እግራቸው ሳይታዘዝላቸው ቀርቶ፣ በተሽከርካሪ ወንበር ላይ ሆነው፣ እያንዳንዱን ጥቅል እየተመለከቱ ጸሐፊውን፣ ዘመኑን፣ ያስጻፈውን ሰውና የደብሩን ስም በካታሎግ ላይ አሰፈሩ። ሁለት ቅጂ በሁለት ቦታ፣ ለእያንዳንዱም የሚያውቀው ሰው የጻፈው ካርድ፤ የማኅደር ሥራ ሕጉ ከዚህ አያልፍም።

የልደታን፣ የወሎንና የመቀሌን ካሴት በተመለከተ ግን የጊዜው ነገር ከብራናው ይከፋል። ብራና አምስት መቶ ዓመት ይጠብቃል፤ ካሴት አይጠብቅም፤ በካሴቱ ላይ ያለውን ሰው በስሙ የሚያውቁት አዛውንቶች ደግሞ ከካሴቱም ቀድመው ያልፋሉ። ማሽን በገንዘብ ይገዛል፤ ዛሬ ባይገዛ ነገ ይገዛል። በጀሞና በሌሎቹ ሰፈሮች የተበተኑት እናቶችና አባቶች የያዙት ዕውቀት ግን በየትኛውም ገበያ አይሸጥም። ስለዚህ በጀት እስኪመጣ እጁን አጣምሮ የሚጠብቅ ላይብረሪ፣ ከመሣሪያው በፊት ሁለት ወጣቶችን ደብተርና ስልክ አስይዞ በየዕድሩ፣ በየደብሩና በየመስጊዱ ደጅ ይላክ፤ ያልታወቀውን ምስል ያሳዩ፣ «ይህ ማነው? ይህ የት ነው? መቼ ነው?» ብለው ይጠይቁ፤ የሰሙትንም ከነነጋሪው ስም ይጻፉ። ሙጫው ለቅቆ ምስሉ ቢጠፋ እንኳ መዝገቡ ይቀራል፤ ምስሉ ተርፎ መዝገቡ የጠፋበት ግን ላነሣው ሁሉ ነው።